ባዶ ከረጢት ወደ ሰማይ

እኔ ቁጡ ሴት ነኝ፤ ኋላ እንዳትታዘቡኝ ከወዲሁ ልናገር። ቱ ኤቲ ፋይቭ በሚሉት የአትላንታ አውራ ጎዳና ላይ ሰው ያለ ፍሬቻ ሲገባብኝ ብቻ አይደለም፣ ሻይ ፉት ሲል የሚጮህ ሰውም ደሜን ያፈላዋል። እናቴ «አንቺን እኮ በበርበሬ ነው ያጠብኩሽ» ትለኝ ነበር። እንግዲህ ከእንዲህ ያለች ሴት ጋር በየጠዋቱ አንድ መኪና ውስጥ ገብቶ ከፓይን ሌክ እስከ ኖርክሮስ የሚጓዝ ሰው ወይ ጆሮው የማይሰማ ወይ ቻይ መሆን አለበት። እትዬ ጆሯቸው ደህና ነበር፣ ቻይም አልነበሩም። ለእያንዳንዱ ቁጣዬ መልስ ነበራቸው።

እትዬ ስላልኩ ዘመዴ እንዳይመስሏችሁ። ዕድሜያቸው እናቴን ሊያክል ትንሽ የቀረው የደሴ ሴት ናቸው፤ ስማቸውን የሚጠራ ስለሌለ ለሁላችንም እትዬ ሆኑ። አለቃችን እንኳን ኮሪያዊ ሆኖ «ኢቲዬ» ነው የሚላቸው። ዲቪ ደርሷቸው ሲመጡ ባላቸው ቀረ። ቪዛው ሊሰጠው ነበር፤ እናቱ ግን አልጋ ላይ ነበሩና «እናቴን እንዲህ ጥዬ አውሮፕላን አልሳፈርም» አለ። እትዬም «ልክ ነህ፣ እናት አይጣልም» ብለው ብቻቸውን መጡ። በኋላ እናትየዋ ዐረፉ፤ እትዬም በግሪን ካርዳቸው አመለከቱለት፤ ከዚያ ወዲህ ትዳራቸው በስልክ ሆነ። ልጅ የላቸውም፣ ያላቸው አንድ ለአንድ ነው። ባላቸውን፣ ትልቅ ሰው ሆኖ ሳለ፣ «እሱ» የምለው እንዲያው ከእሳቸው አፍ ስለለመደብኝ ነው፣ ይቅር ይበለኝ።

ይህ የማወራው ነገር በሆነበት ጊዜ ኤምባሲ የሚቀርብበት የኢንተርቪው ቀን ተቆርጦለት ነበር። ለዚያ ደግሞ እትዬ ሥራ ላይ መሆናቸውን የሚመሰክር የአለቃ ደብዳቤ ያስፈልጋል። ሥራ የለም ማለት ስፖንሰር የለም፤ ስፖንሰር የለም ማለት ባል የለም። እትዬ ይህን ያውቃሉ፣ እኔም አውቃለሁ፣ ሥራውን ያስገባኋቸውም እኔ ነኝ። ስለዚህ እሳቸው ማሽን ላይ ሲቀመጡ ልቤ አብሯቸው ይቀመጥ ነበር።

ሥራችን ስፌት ነው። ኖርክሮስ ውስጥ ከጎማ ቤት ጀርባ ያለ መስኮት የሌለው ሾፕ፤ ግማሹ የሆስፒታል መጋረጃ ይሰፋል፣ እኛ ያለንበት ግማሽ ደግሞ ነጭ ከረጢት። እሳት የማይበላው ወፍራም ጨርቅ ነው። ዚፕ አለው፣ ማንጠልጠያ አለው፣ ከውስጥ ኪስ አለው። እኔ ዚፑን እሰፋለሁ፣ እትዬ የውስጥ ኪሱን። ከዚያ ይታጠፍና በላስቲክ ታሽጎ ይሄዳል። ወዴት? ወደ ሰማይ! ቀልድ አይደለም። ከምድር በላይ የሚዞር፣ ሰው የሚኖርበት ጣቢያ አለ፤ ለእሱ ስንቅ የምታደርስ መንኮራኩር አለች፤ ነጂ የላትም፣ ተሳፋሪ የላትም። የእኛ ከረጢቶች የሚሄዱት በእሷ ነው።

ይህን ለእትዬ የነገርኳቸው ሥራ በጀመሩ ሰሞን ነው፤ ያውም በቁጣ። የጨረሱትን ከረጢት ወደ ቅርጫት ሲወረውሩ አየሁና ጮህኩ።

«ቀስ ይበሉ እንጂ እትዬ! ይኼ እኮ ሰማይ የሚሄድ ነው!»

«የምን ሰማይ?»

«ሰማይ ነዋ! ላይ! ሰዎች አሉ እዚያ፣ ለእነሱ ነው።»

«ያረቢ! ማን ይዞላቸው ይሄዳል?»

«ማንም። ሰው የሌለባት መንኮራኩር ናት፣ ራሷ ትሄዳለች።»

እትዬ እግራቸውን ከፔዳሉ አነሱ። እኛ ዘንድ እንግዲህ ዕቃ የሚሄደው ከሰው ጋር ነው። አንድ ሰው አዲስ አበባ ሊሄድ ነው ከተባለ እዚሁ ክላርክስተን ያለ ሐበሻ ሁሉ ጫማና ቫይታሚኑን ታቅፎ ቤቱ ይጎርፋል፤ ሰውየው የራሱን ልብስ ጥሎ የሰው ሽቶ ይዞ ይሄዳል። ዕቃው ሲደርስም ዝም ብሎ አይሰጥም፤ «ደህና ናት፣ ወፍራለች፣ ሰላም ብላችኋለች» ተብሎ ነው። እትዬም የገረማቸው ይኸው ነው።

«ሰላም በሉልኝ የሚል እንኳን አብሮት የለም?»

«የለም እትዬ።»

«እንዲያው ዱዳ ዕቃ?»

«እንዲያው ዱዳ ዕቃ። አሁን ይስፉ።»

ቅር እንዳላቸው ፊታቸው ላይ አየሁ። እኔ ግን ዚፕ ተከምሮብኝ ስለነበር ነገሩን እዚያው ተውኩት።

ከዚያ በኋላ ብዙ ከረጢት ሰፋን። አንድ ቀን ጠዋት አለቃችን ማሽን አስቁሞ ሁላችንንም ሰበሰበን። ሰውየው ሲናደድ እንግሊዝኛው ያጥርበታል፣ የሥራ ጓደኞቻችን የሜክሲኳውያኑና የቬትናሞቹ ድሮም አጭር ነው፣ የእኔም ስደነግጥ ይጠፋል፤ ስለዚህ ስብሰባችን ሁሉ የእጅ ስብሰባ ነበር። ግድግዳው ላይ አንድ ፎቶ ለጠፈ። ነጭ ጨርቅ ላይ ሁለት ቡናማ ነገሮች አሉ፤ አጉልተው ስላነሷቸው ድንች አክለዋል። ከረጢቶቹን የምትረከበው ኢንስፔክተር አንድ የውስጥ ኪስ ገልብጣ ነው ያገኘቻቸው። ነፍሳት ይሁኑ ዘር ስላልታወቀ ላቦራቶሪ ተልከው ነበር። አለቃችን ውጤቱን አነበበ፤ ገብስ ይላል። ቀጥሎ ያለውን ቃል አነበበ፣ አልገባውም፣ ደግሞ አነበበው። ከዚያ ወደ እኔ ዞሮ «ሮስትድ?» አለኝ።

ጉድ ሳይሰማ መስከረም አይጠባም! የተቆላ ገብስ! በጆርጂያ ምድር ገብስ ቆልቶ በኪሱ የሚዞር ከሐበሻ በቀር ማን አለ? ሾፑ ውስጥ ያለነው ሐበሾች ደግሞ ሁለት ነን፣ አንዷ እኔ ነኝ። ቀስ ብዬ ወደ እትዬ ዞርኩ። የጣሪያውን መብራት ያያሉ።

ከእትዬ የሥራ ሽርጥ ኪስ ቆሎ ጠፍቶ አያውቅም። በእረፍት ሰዓት፣ ብሬክ ላይ፣ ለሁሉም ያድላሉ፤ ቬትናሞቹ ሳይቀሩ ለምደውት እጃቸውን ይዘረጉ ነበር። ማሽን አጠገብ ግን ምግብ ክልክል ነው፤ ይህን ደግሞ በየግድግዳው ተጽፎ እናየዋለን። አለቃችን «ያደረገ ሰው ሥራ የለውም» የሚለውን በእጁ አንገቱን ቆርጦ አሳየን። ነገ ኢንስፔክተሯ ራሷ ትመጣለች ብሎ ወደ ቢሮው ገባ።

ብሬክ ሲሆን እትዬን መኪናዬ ውስጥ አስገብቼ በሩን ዘጋሁ።

«እትዬ!»

«አቤት።»

«እርስዎ ነዎት?»

«ምኑ?»

«ቆሎው!»

«አዎ፣ እኔ ነኝ» አሉ፣ ሰዓት እንደተጠየቀ ሰው።

«ለምን? ለምን በፈጠረዎት!»

«ታዲያ ባዶውን ልላከው?»

እትዬ ቀጠሉ፣ እንዲያውም ተቆጡ። «ሰው አልያዘው፣ ሰላምታ የለው፣ ደግሞ ባዶ! ሰዎቹ ከፍተው ሲያዩት ምን ይበሉን? እንዲህ ያለ አሳፋሪ ዘመድ አለን አይሉም? የጎረቤት ሳህን እንኳን ባዶውን አይመለስም፣ ስኳርም ቢሆን ጨውም ቢሆን ጣል ይደረግበታል። አንች የከተማ ልጅ ነሽ፣ አታውቂው ይሆናል። ሁለት ሁለት ፍሬ ጣል ባደርግ ምን አለበት? ነውራችሁን ነው የሸፈንሁ!»

የከተማ ልጅ ብሆንም አውቀዋለሁ። እናቴ የሰው ድስት ባዶውን መመለስ ስለምታፍር አንዴ ሽንኩርት ከትታ ልካለች። ያ ግን ጎረቤት ነው፣ ይኼ ሰማይ ነው፣ ኧረ በስመ አብ! ደሜ ፈላ።

«ነውር ይሉኛል እንዴ! ባልዎ ኢንተርቪው ሊቀርብ ነው፣ እርስዎ ለማያውቁት ሰው ቆሎ ይልካሉ! አሁን ቢያባርሩዎትስ? ደብዳቤውን ማን ይጽፋል? እኔ?»

«ባልዎ» ስል ሲያላምጡት የነበረው ቆሎ አፋቸው ውስጥ ቆመ። እስከዚያች ሰዓት ድረስ ሁለቱን ነገር አላገናኟቸውም ነበር። ፊታቸው ወረደ፣ ድንገት ያረጁ መሰሉኝ፣ አንጀቴን በሉት። ቁጣዬ እንዳለ ሆኖ እጃቸውን ያዝኳቸው።

«ምንም አንናገርም» አልኳቸው። «ዝም ነው። ዝም አይነቅዝም።»

«እሺ» አሉ።

እትዬ «እሺ» ሲሉ ስሰማ የመጀመሪያዬ ነበር። ከፎቶውም ከአለቃውም ይልቅ ያስፈራኝ ይኼ ነው።

በማግስቱ ኢንስፔክተሯ መጣች። ረጅም፣ ፀጉሯ የሸበተ፣ ድምፅ የሌለው ጫማ ያደረገች ሴት ናት። ብትጮህ ኖሮ እወዳት ነበር፤ ከሚጮህ ሰው ጋር እግባባለሁ። እሷ ግን አትጮህም፣ ነገርን ከሥሩ ውሃን ከጥሩ ብላ ነው የመጣችው። በትልቁ መቁረጫ ጠረጴዛ ዙሪያ አቆመችን። እኔ ለእትዬ እንድተረጉም ተባልኩና አጠገባቸው ቆምኩ፣ ቀሚሳቸውን ከኋላ ጨብጬ።

ሴትየዋ እስክሪብቶዋን አየር ላይ ከፍ አድርጋ ያዘችና ለቀቀችው። ጠረጴዛው ላይ ወደቀ። «እዚያ ላይ ይኼ አይሆንም» አለች። እኔም ዝቅ ባለ ድምፅ እተረጉም ጀመር።

«እትዬ፣ እዚያ ላይ ነገር አይወድቅም ነው የምትለው። ይንሳፈፋል። ትንሽ ፍሬ ከኪስ ብታመልጥ አየር ላይ ትዞራለች፤ ሰው ሳያያት ዓይኑ ውስጥ ትገባለች፣ ተኝቶ ሲተነፍስ ጉሮሮው ውስጥ ትገባለች። ሐኪም ቤት ልሂድ ቢል መንገድ የለም።»

«ዓይን?» አሉ እትዬ።

«አዎ።»

«የሰው ዓይን?»

«ታዲያ የማን ይሆናል!» አልኩ፤ በሹክሹክታ መቆጣት እችልበታለሁ።

ቀሚሳቸው ከእጄ አመለጠ። እትዬ ወደ ጠረጴዛው ጠጋ ብለው «እኔ ነኝ። ንገሪያት» አሉ ጮክ ብለው።

ሁሉም እኔን ያያል። ምን ልበል? በእንግሊዝኛ «በጣም አዝነናል ይላሉ፤ ሁላችንም ከዛሬ ጀምሮ እንጠነቀቃለን፣ ንጽሕና ትልቅ ነገር ነው ይላሉ» አልኩ። ሁለት ቃል ለተናገሩ ሴት ይህን ያህል ማስረዘሜ ለራሴም አሳፈረኝ። እትዬ ዞር ብለው አዩኝ። እንግሊዝኛ ባይችሉም «ሶሪ» የሚለውን ያውቁታል።

«እንዲያ አላልሁም» አሉኝ። ከዚያ እጃቸውን ሽርጣቸው ኪስ ከተቱ፣ አንድ ጭብጥ ቆሎ አወጡ፣ ኢንስፔክተሯ ፊት ነጩ ጠረጴዛ ላይ ዘረገፉት። ደረታቸውን በመዳፋቸው መትተው «ሚ» አሉ።

የሰው ፊት እሳት ነው ይባላል፤ እኔ ነድጄ አለቅሁ። እትዬ ግን ቀጥ ብለው ቆሙ። አለቃችን ቆሎውን ያያል፣ እሳቸውን ያያል፤ በብሬክ ሰዓት ስንት ጊዜ ከዚያው ቆሎ በልቷል! ኢንስፔክተሯ «ለምን?» ብላ ጠየቀች። እንግዲህ የሚደበቅ ነገር ስላልቀረ ሁሉንም እንዳለ ተረጎምኩ፤ ሰላምታ የሌለውን ዕቃ፣ ባዶ የማይመለሰውን ሳህን፣ ከፍተው ሲያዩት የሚያዝኑትን ሰዎች።

ሴትየዋ ግንባሯን ቋጠረች። «ባዶ?» አለች። «ባዶ አይደሉም እኮ።»

መጀመሪያ ለእኔም አልገባኝም። ስልኳን አውጥታ ፎቶ አሳየችን። የእኛው ነጭ ከረጢት ነው፤ ግን ሆዱ እንደ ተሞላ ትራስ ተነፍቶ፣ በማሰሪያ ታስሮ፣ ከብዙ ወንድሞቹ ጋር ተደርድሯል። ከእኛ ሾፕ ወጥቶ ሌላ ከተማ ይሄዳል፤ እዚያ ሌሎች ሰዎች ምግብ ይሞሉታል፣ ልብስ፣ መሣሪያ፣ ከቤተሰብም የተላከ ነገር ይጨምሩበታል፤ ወደ ሰማይ የሚሄደው ከዚያ በኋላ ነው። ይህን ስተረጉም ነው የገባኝ። ለካ እትዬ ይህን ሁሉ ጊዜ ከረጢቱ ከእጃችን እንደወጣ፣ ታጥፎ፣ ባዶውን፣ በቀጥታ የሚላክ ነው የመሰላቸው! «ሰማይ ነዋ! ላይ!» ብዬ ስነግራቸው መሃል ላይ የሚሞላው ሰው እንዳለ ማን ነገራቸው? እኔ እንኳን የሚያውቁት መስሎኝ ነበር።

«ይሞላል?» አሉ እትዬ።

«ይሞላል።»

«በምግብ?»

«በምግብም፣ በልብስም።»

«ቤተሰቦቻቸውም ይልኩላቸዋል?»

«ይልኩላቸዋል።»

«አልሐምዱሊላህ» አሉና እጃቸውን አፋቸው ላይ ጫኑ። ቀጥለው ደግሞ ቁጣው መጣ፣ ያውም በእኔ ላይ። «ታዲያ ምነው አትነግሪኝም አንች! ያን ሁሉ ቆሎ ስፈጅ!»

ኢንስፔክተሯ ቁጣው እስኪያልፍ ጠበቀችና የትኞቹ ከረጢቶች ውስጥ እንዳለ እንድጠይቅ ነገረችኝ። ጠየቅኋቸው።

«በሁሉም ነዋ!» አሉ እትዬ፣ የተናቁ መስሏቸው። «ለአንዱ ሰጥቼ ለአንዱ ልነሳ?»

ይህንም ተረጎምኩ። አለቃችን ወንበር ስቦ ተቀመጠ።

እውነቱን ልናገር፣ ኢንስፔክተሯ አልሳቀችም። አንድ ሁለቱ ሜክሲኳውያን ሳቃቸውን በሳል ሲያሳልፉ እሷ ፊቷ አልተፈታም፤ ደግ ሴት ናት ብሎ ማለፍም የእሷ ሥራ አይደለም። የወጡት ከረጢቶች በሙሉ ይመለሳሉ፣ ኪሳቸው አንድ በአንድ ይከፈታል፣ ይህች ሴት ከእንግዲህ ከረጢት አትነካም አለች። ለእትዬ ነገርኳቸው። ራሳቸውን ነቀነቁ።

«ልክ ናት» አሉ። ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ። «እንዲህ በያት፤ የሰው ዓይን ከማጥፋት ባሌ ቢቀር ይሻለኛል። ግን ባይቀር ደስ ይለኛል።»

ቃል በቃል ተረጎምኩት፣ አንድም አልጨመርኩም፣ አንድም አልቀነስኩም። እንባዬን ግን መያዝ አልቻልኩም፤ የተናደድኩ ለመምሰል አፍንጫዬን ጠራረግሁ። ሴትየዋ የእትዬ ባል የት እንዳለ ጠየቀችኝ፤ ነገርኳት። እትዬ የዘረገፉትን ቆሎ በወረቀት ሰበሰበች፣ አጠፈችው፣ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችው። ለማስረጃ ይሁን ለመቅመስ እስካሁን አላውቅም።

አለቃችን ከወንበሩ ተነሳ። ከበስተጀርባችን የተከመረውን የሆስፒታል መጋረጃ አየ፤ ትዕዛዝ በዝቶበት እንቅልፍ ያጣበት ሰሞን ነበር፣ እንዲያው ደግ ብቻ ሆኖ ነው አልልም። ጣቱን ወደዚያ ቀስሮ «ኢቲዬ» አለ፣ «ከርተን»። ሌላ ምንም አላለም። ይህን ደግሞ እኔ አልተረጎምኩላቸውም፤ ገብቷቸው መቀሳቸውን ይዘው ተሻገሩ። ደብዳቤውንም በሳምንቱ ፈረመላቸው።

ከረጢቶቹ ሲመለሱ በቅዳሜያችን ቁጭ ብለን ኪስ እየገለበጥን በወረንጦ ቆሎ ለቀምን። እኔ ከመጀመሪያዋ ፍሬ እስከ መጨረሻዋ እያጉረመረምኩ ነው የለቀምኩት። እትዬ መቅረብ ስለተከለከሉ ከመጋረጃው በኩል ሆነው ያዙናል፤ «ቀኝ ጥጉን እዪ! እዚያ ነው የማደርገው! አይደለም፣ ከስፌቱ ሥር!» ይላሉ። መቀስ ልወረውርባቸው ነበር።

የእትዬ ባል ኢንተርቪው ቀረበ። ጠየቁት፣ መለሰ፣ ደብዳቤውን አዩ፣ ከዚያ ለተጨማሪ ማጣራት ይቆይ ብለው አንድ ወረቀት ሰጥተው አሰናበቱት። ቪዛ ፕሮሰስ ላይ ነው ከተባለ መቼ እንደሚወጣ የሚያውቅ አላህ ብቻ ነው ይሉ ነበር እትዬ። ክረምት አለፈ። መጋረጃ ይሰፋሉ፣ ስልክ ይደውላሉ፣ «ገና ነው» ይባላሉ፣ ደግሞ መጋረጃ ይሰፋሉ። ጠዋት መኪና ውስጥ መልስ መስጠት ተዉኝ። ያ ዝምታቸው ያስጨንቀኝ ስለነበር ሆን ብዬ አጉል እየነዳሁ ልቆሰቁሳቸው ሞክሬያለሁ፤ አልሆነም።

በዚህ መሃል መንኮራኩሯ ተላከች። አለቃችን የብሬክ ክፍሉን ቴሌቪዥን ከፈተልን፤ ሁላችንም ምሳችንን ይዘን ተሰበሰብን። መንኮራኩሯ ደርሳለች፤ ጣቢያው ረጅም ክንዱን ዘርግቶ ይዟታል። ሰዎቹ በር ሲከፍቱ፣ ገብተው ሲያዩ፣ ከውስጥ ነጭ ከረጢት አውጥተው ከአንዱ ወደ አንዱ በአየር ሲሰጣጡ አየን። የእኛ ይሁን የሌላ ሾፕ አላውቅም፣ ነጭ ሁሉ ነጭ ነው፤ እኛ ግን «የኛ ነው!» ብለን በየቋንቋችን ጮህን። አለቃችን ሳይቀር አጨበጨበ።

ዞር ስል እትዬ ያለቅሳሉ። የደስታ መስሎኝ በክርኔ ጎሸም አደረግኳቸው።

«ምነው እትዬ፣ ደረሰልን እኮ!»

«ደረሰች» አሉ። «ሰው የሌለባት ዕቃ ደረሰች፣ በርም ከፈቱላት። የኔ ሰውዬ ግን ይኸው እስካሁን በር ላይ ቆሟል።»

አቀፍኳቸውና እኔም አለቀስኩ፤ ቬትናሞቹ ሰው የሞተብን መስሏቸው ውሃ አመጡልን።

ስልኩ የተደወለው ከዚያ ብዙ ቆይቶ፣ ከሥራ ስንመለስ፣ እኔ ሌይን እየቀየርኩ ሳለ ነው። እትዬ «ወጣ?» አሉ፤ ከዚያ «ወጣ!» ብለው ጮኹ፤ መሪው ከእጄ ሊያመልጥ ነበር። ዳር ይዤ ፓርክ አደረግኩ። ትራክ በጎናችን እያለፈ መኪናዋን ሲያወዛውዛት እኛ ውስጥ እልል እንላለን።

የመጣው በአንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ ነው። እትዬ እጃቸውን ሂና ተቀብተው፣ አዲስ ሻሽ አስረው ኤርፖርት ደረስን። መንገድ ላይ አንድ ነገር አወጡልኝ። እዚህ ከመጡ ወዲህ ወፍረዋል፣ መነጽር አድርገዋል፣ የፊት ጥርሳቸውን አሠርተዋል፤ ይህን ግን ሰውየው አያውቅም። ስልኩ ፎቶ የማያሳይ ነው፤ የሰው ስልክ ተውሶ «ፎቶ ላኪልኝ» ሲላቸው የድሮውን ይልኩለት ነበር።

«እትዬ! ለምን?» አልኩ።

«እንዳይደነግጥ ነዋ» አሉ።

በሩ ተከፈተ፣ ሰው ይወጣ ጀመር። አንድ ቀጭን፣ ሽበታም ሰው ሰፊ ኮት ለብሶ ጋሪ እየገፋ ብቅ ሲል እትዬ ክንዴን ቆነጠጡኝ። «እሱ ነው» አሉ፣ ግን አልተንቀሳቀሱም። ገፋኋቸው፣ እግራቸው እምቢ አለ። ሰውየው ወደ እኛ አቅጣጫ መጣ። እኛን አየ፤ የአገሩ ሰዎች መሆናችንን አወቀ፤ እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ፣ ጎንበስ ብሎ፣ በጨዋነት ሰላምታ ሰጠን። ከዚያ ዓይኑ ሌላ ሰው እየፈለገ በአጠገባችን አለፈ።

ልጮህ አፌን ስከፍት እትዬ በእጃቸው ከለከሉኝ። ፊታቸው ላይ ያየሁትን ለማንም አልመኝም።

«ሰውዬ» አሉ፣ በቀስታ።

ጋሪው ቆመ። ሰውየው ግን አልዞረም።

«ወዴት ነው እንዲህ?»

ከጎን አየሁት፤ ዓይኑን ጨፍኗል። ስልክ ጆሮው ላይ የያዘ ይመስል አንገቱን ዘንበል አድርጎ ያዳምጣል። «ድገሚው እስቲ» አለ፣ ዓይኑን ሳይገልጥ።

«ወዴት ነው አልሁህ! በልተሃል? እግርህ አብጧል? ይህን ኮት ማን ነው የገዛልህ፣ ሁለት ሰው የሚይዝ!» እያሉ እትዬ ወደ እሱ ሄዱ፤ እሱም ዓይኑን ገልጦ ወደ ድምፁ ዞረ። እኔ ጋሪውን ያዝኩ፣ ሌላ የምይዘው ስላልነበረኝ።

እስከ ፓርኪንግ ድረስ እትዬ አላቋረጡም። መኪና ውስጥም ከኋላ አብረው ተቀምጠው ስለ አየሩ፣ ስለ ኪራዩ፣ ስለ መጋረጃው፣ ስለ አለቃው ያወራሉ፤ ሰውየው አንዴ መስኮቱን አንዴ እሳቸውን እያየ ዝም ብሎ ይሰማል። እንቅልፍ ዓይኑን እያንገላታው እንደሆነ በመስታወቱ አየሁና አዘንኩለት።

«እትዬ» አልኩ፣ «ትንሽ ይረፉ እንጂ፤ ሰውየው እኮ ደክሞታል።»

በወንበሩ መሃል ጎንበስ ብለው ጆሮዬ ሥር መጡ።

«ዝም ስል እንደ እንግዳ ያየኛል» አሉኝ። «ፊቴን እስኪለምደው ላውራ፣ ተይኝ።»

ተውኳቸው። የቀኙን ሌይን ይዤ ቀስ ብዬ ነዳሁ።